ማን እንደተወው ያልታወቀው ፋይል

ልጄ፣ የሄድሽበት ይቅናሽ፤ ክፉ አይንካሽ። እኛ ደህና ነን።

ባለፈው ኮምፒውተሩ ላይ ፎቶሽን ስፈልግ ስሙ ቁጥር ብቻ የሆነ ትልቅ ፋይል አየሁ። ቫይረስ መስሎኝ ደንግጬ ሶኬቱን ነቀልኩና ሦስት ቀን አንሶላ አልብሼው ሰነበትኩ። አባትሽ «ፋይሉን አጥፊው!» አለ። እኔ ግን ኮምፒውተር የሚጠግነውን ጎረቤታችንን ጠራሁት። «ይህ ፋይል የአንድ ሲዲ ሙሉ ቅጂ ነው። ምንነቱን ሳናውቅ እዚህ አንከፍተውም» ብሎ ኢንተርኔት በሌለው ኮምፒውተር መረመረው። ለካስ ስትሄጂ የተውሽልኝ የታይፕ ማስተማሪያ ኖሯል! «እማዬ፣ በዚህ ተለማመጂ» የሚል ማስታወሻሽም ውስጡ ተገኘ።

አንቺም እዚያ ከማን እንደመጣ የማታውቂውን አትክፈቺ፤ በርም ቢሆን።

እባክሽ፣ ከእንግዲህ የምትተዪልኝ ነገር ላይ ስምሽን ጻፊበት። ፈጣሪ ደግ ሰው ያገናኝሽ።

ይህን ደብዳቤ እንደ ወትሮው እኔ እየነገርኩት አባትሽ የጻፈው አይደለም። እኔው ነኝ በኮምፒውተሩ የጻፍኩት፣ በሁለት ጣቴ።

እናትሽ