ገጽ ሁለት መቶ ዐሥራ አራት

ውድ ወንድሜ፣

የምጽፍልህ የመጽሐፍ መጠረዣው ጠረጴዛ ላይ ሆኜ ስለሆነ ወረቀቱ ሙጫ ሙጫ ቢልህ አትታዘበኝ። ሁለት ዓመት ሙሉ ድምፄን አጥፍቼ ዛሬ ምን እንዳስነሣኝ ትገረም ይሆናል። ነገሩ የጀመረው ከጣሪያው ነው። ባለፈው ማክሰኞ ዝናቡ በቆርቆሮው ሽንቁር ገብቶ በአባባ መደርደሪያ ላይ ያለውን መጽሐፍህን አራሰው።

አይዞህ፣ ተርፏል። ሽፋኑን ገንጥዬ፣ ክሩን ፈትቼ፣ ወረቀቱን እንደ ልብስ በገመድ ላይ አሰጣሁት። ያልተከፈቱትን እጥፋቶች ግን በቢላዋ ካልከፈትኳቸው ተጣብቀው ሊቀሩ ሆነ። ገጽ ሁለት መቶ ዐሥራ አራትን ያየሁት እንደዚያ ነው። ካየሁት ወዲህ እጄ ሥራ አልይዝ ብሎኛል።

ታስታውስ እንደሆነ፣ መጽሐፍህ ከማተሚያ ቤቱ የመጣው ሳይሰፋ፣ ስምንት ስምንት ገጽ እየታጠፈ ነበር። አባባ በገዛ እጃቸው ሊጠርዙት ለምነው ያስመጡት ነው። ክሩን በሰም እያሹ ሲሰፉ ሦስት ቀን ማንንም አላናገሩም። ጠርዙን በማሽን ልቆርጥላቸው ስል እጄን መቱኝ።

"ተይው! የላዩን እጥፋት እንዳትነኪ። የልጄን መጽሐፍ የሚያነብ ሰው በቢላዋ እየከፈተ ይልፋበት።"

ከዚያ መደርደሪያው ላይ አስቀመጡት። ጠዋት ጠዋት አቧራውን በእጅጌያቸው ይጠርጉለት ነበር። ዓይናቸው ደክሞ ስለነበር ግን አንድም እጥፋት ሳይከፍቱ አረፉ። እኔም አልከፈትኩትም። እውነቱን ልንገርህ፣ ዐሥራ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ከአንድ የሞተ ፈላስፋ ጋር ምን እንደምትሠራ አይገባኝም ነበር። ሰው ስለ አንተ ሲጠይቀኝ "ሰውዬው ይዞታል፣ አልለቀቀውም" እላለሁ፤ የታሰርክ መስሏቸው "እግዜር ያስፈታው" ያሉኝም አሉ።

አባባ ባረፉ በሦስተኛው ወር "ቤቱና መጠረዣው ይሸጥና ድርሻዬን ልውሰድ" ብለህ ስትጽፍልኝ ደሜ ፈላ። ለትምህርት ስትሄድ አንተ ዐሥራ ስምንት ዓመትህ፣ እኔ ዐሥራ ስድስት ዓመቴ ነበር። "አንዱ ይማር፣ አንዱ ያግዘኝ" ተባለና መርፌው ለእኔ ደረሰኝ። ሃያ ሁለት ዓመት ሰፋሁ። ጣቴን አይተኸዋል። ጠበቃ ዘንድ ብሄድ "የአባት ቤት ለልጆች እኩል ነው፣ በከንቱ አትድከሚ" አለኝ። መጽሐፍህን ከመደርደሪያው ያወረድኩት ያን ቀን ነው። ያወረድኩት ግን ላነበው ብዬ አይደለም፣ በገዛ በትርህ ልመታህ ብዬ ነው።

ዘጠኝ ቀን ፈጀብኝ። ቢላዋዬን ይዤ እጥፋት እከፍታለሁ፣ አነባለሁ፣ ያልገባኝን መልሼ አነባለሁ። የሰው አእምሮ ሲወለድ እንደ ባዶ ወረቀት ነው፣ የሚጻፍበት ሲያይና ሲነካ ነው የሚለው ጋ ስደርስ ብቻዬን ሳቅሁ። ሰውዬህ ወረቀት አጥፎ አያውቅም! ባዶም ቢሆን ወረቀት በአንድ በኩል እሺ ብሎ ይታጠፋል፣ በሌላው በኩል ይሰነጠቃል። ይህን እኔ ብጠየቅ እነግረው ነበር።

ከዚያ ግን ሳቄ ቀረ። ንጉሥን ፈጣሪ ነው የሾመው እየተባለ በሚሰበክበት ዘመን አንድ ሰው ክፍሉ ውስጥ ቁጭ ብሎ "ማን ፈቀደለት?" ይላል። ገዢ የሚገዛው ሰዎቹ እሺ ስላሉት ነው፤ እሺታቸውን ቢያነሡበት የተቀመጠበት ወንበር እንጨት ነው። ቤቱ ውስጥ ማንም ሳይኖር ተነሥቼ በሩን ዘጋሁት። አንተ ደግሞ ይህን ሰው ቃል በቃል ተከትለህ፣ የቱን ሰርዞ በየቱ እንደተካው፣ በየትኛው ዓመት ሐሳቡን እንደለወጠ ለቅመህ አስቀምጠሃል። እኔ ከሙያዬ ሌላ አላውቅም፣ ስፌት ግን አውቃለሁ። ሁለት መቶ ገጽ ሙሉ አንድ የላላ ክር ፈልጌ አጣሁ። ልጠላህ ቁጭ ብዬ ስኮራብህ ራሴን አገኘሁት፤ ቢሆንም ቢላዋውን አላስቀመጥኩም።

ገጽ ሁለት መቶ ዐሥራ ሦስት ላይ የምፈልገውን አገኘሁና እዚያው አቆምኩ።

ያን ቅዳሜ አንተ መጣህና አክስታችን ሊዳኙን መሃላችን ተቀመጡ። "በእኔ ዳኝነት ተስማምታችኋል? ካልተስማማችሁ ሻይዬን ጠጥቼ ልሂድ" ሲሉ አንተ ፈገግ አልክ። አሁን ሳስበው፣ ሰውዬህን አስታውሰውህ ነው።

እኔም መጽሐፉን ገልጬ አነበብኩ፦ "ሰው የእጁ ጌታ ነውና፣ እጁ የደከመበት ነገር ከሌላው ሁሉ ይልቅ የእርሱ ነው።"

"ይሄን የጻፈው ማነው?" አልኩህ።

"እኔ ነኝ።"

"እንግዲያው ሃያ ሁለት ዓመት እዚህ የደከመው የማን እጅ ነው?"

"እስቲ ልየው" ብለህ መጽሐፉን ተቀበልከኝና የተከፈቱትን ጠርዞች በአውራ ጣትህ ዳሰስካቸው።

"ማነው የከፈተው?"

"እኔ ነኛ! ሌላ ማን አለ?"

"ሁሉንም አነበብሽው?"

"የሚበቃኝን ያህል።"

ዓይንህ እንባ ሲያቀር አይቼ የሽንፈት መሰለኝ። ጣትህ ሁለት መቶ ዐሥራ ሦስት ላይ ቆመ፤ ከእሱ ቀጥሎ ያለው እጥፋት እንደተዘጋ ነበር። ቢላዋዬ ፊትህ ነው። ቢላዋውን አየኸው፣ ቀጥለህ እኔን አየኸኝ። ከዚያ መጽሐፉን ቀስ ብለህ ዘጋህና "ተረታሁ። ድርሻዬን የምተውበትን ወረቀት አምጡት፣ ልፈርም" አልክ።

አክስታችን ሳቁ። "ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ሲሉ እሰማ ነበር፤ ይኸው ይሄ ልጅ ለቀቀ!"

በር ላይ ስሸኝህ ምን እንዳልኩህ አልረሳሁም። "ያንተ ያልሆነውን ነው የተውከው፣ ምስጋና እንዳትጠብቅ።" ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው፣ ልመልሰው አልቻልኩም። አንተም ቦርሳህን አንሥተህ ሄድክ።

እንግዲህ ባለፈው ሳምንት የዘጋኸውን እጥፋት ከፈትኩት። ገጽ ሁለት መቶ ዐሥራ አራት ላይ ፈላስፋው ሌላም ነገር እንደተናገረ ጽፈሃል፦ በጌታው ቤት ተቀጥሮ የሚሠራ ሰው የደከመበት ነገር የጌታው ነው። በዚህ ከሄድን እኔ በአባባ መጠረዣ፣ በአባባ መርፌ የሰፋሁት ሁሉ የአባባ ነበር፤ የአባባ ደግሞ ለሁለታችን እኩል ነው። ያን ቅዳሜ ያችን አንዲት እጥፋት ብትቀድዳት ነገሬ ሁሉ ያልቅለት ነበር። ቤቱ ይሸጥ ነበር። አንተ ደግሞ የጻፍከው ሰው ነህ፣ ከውስጡ ያለውን ታውቃለህ።

መጀመሪያ የተሰማኝ ንዴት ነው። ምጽዋት ሰጥቶኛል አልኩ። ማዶ ያለውን ገጽ ባላነብ ኖሮ ይህ ደብዳቤ ሌላ ይሆን ነበር። ከገጹ ግርጌ፣ በደቃቁ ፊደል፣ እንዲህ ብለሃል፦

"እዚህ ላይ ከፈላስፋው እለያለሁ። የሠራተኛው ድካም የጌታው ነው ካልን ከላይ የተናገረው ሁሉ ይፈርሳል። ይህን ያስተማረኝ መጽሐፍ አይደለም። ስንት መጽሐፍ ሰፍታ ስሟ አንዱም ላይ ያልተጻፈ እህቴ ናት።"

መሬቱ ላይ ቁጭ አልኩ። ይህን የጻፍከው አባባ ከማረፋቸው ስድስት ዓመት ቀድሞ ነው። ስምንት ዓመት ሙሉ ከራሴ በላይ መደርደሪያው ላይ ተቀምጦ ነበር፤ ከአባባ በኋላ አቧራውን እጠርግ የነበርኩትም እኔ ነኝ።

ታዲያ ይህን እያመንክ ድርሻዬን ስጪኝ ያልከው ለምንድን ነው? ሽርጤን እንኳ ሳልፈታ አክስታችን ዘንድ ሮጥኩ።

"ቤተ መጻሕፍት ጠርቶት ነበር" አሉኝ። "ያ የሰውዬው የእጅ ጽሑፍ ያለበት። አንድ ዓመት ተቀምጦ እንዲያይ ፈቀዱለት፤ ኑሮህን ግን ራስህ ቻል አሉት።"

"ምነው ታዲያ ሳይነግሩኝ?"

"እንዳይነግሯት አለኛ! ዝም አይነቅዝም ብዬ ያዝኩት። አውቶቡስ ላይ ስሸኘው፣ 'የጻፍኩትን ረስቼው ነበር አክስቴ፣ እሷ ናት ያስታወሰችኝ' አለኝ። ደስ ብሎት ነበር እኮ የሄደው፣ ልጄ።"

ወንድሜ፣ ብዙ መጽሐፍ ጠርዣለሁ። የሕግ፣ የስብከት፣ የሥነ ምግባር፣ ስንቱን። የጻፉትን ሰዎችም አውቃቸዋለሁ፣ እዚህ መጥተው ይጨቃጨቁኛል። ዐሥራ ዘጠኝ ዓመት በግልባጭ ብቻ ያየኸውን ጽሑፍ በዓይንህ ልታየው ጥቂት ሲቀርህ፣ ራስህ በደቃቅ ፊደል ለጻፍከው ሦስት መስመር ብለህ ተውከው። እንዲህ ያለ ሰው እንዳለ አላውቅም ነበር፤ ለካ ከአንድ ሆድ ነው የወጣነው። በር ላይ ላልኩህ ነገር ይቅር በለኝ።

አሁን እስከ መጨረሻው አንብቤዋለሁ። ገጽ ሁለት መቶ ሠላሳ አንድ ላይ፣ ሰው ያገኘውን የእኔ ነው ማለት የሚችለው ለሌላውም የሚበቃ ሲተው ነው ይላል ሰውዬህ። እኔ ለአንተ ምን ተውኩልህ? ስለዚህ የፊት ለፊቱን ክፍል ለአንድ መነጽር ሠሪ አከራይቼዋለሁ። የዓመቱን ኪራይ አክስታችን ይዘውልሃል፤ ለቤተ መጻሕፍቱም ዛሬውኑ ጻፍላቸው። እምቢ ለማለት አፍህን እንዳትከፍት። እኔ ባልሰፋ አንተ አትማርም ነበር፤ በሰውዬህ ሕግ ድካሜ መጽሐፍህ ውስጥ አለ፣ ግማሹ የእኔ ነው። የእኔ የሆነ ነገር ደግሞ ጅምር ሆኖ ሲቀር አልወድም። የቀረውን ሄደህ ጻፍ።

መጽሐፉን በአዲስ ክር ሰፍቼ ልኬልሃለሁ። እዚያ ደርሰህ የሰውዬውን ወረቀት ፊትህ ሲያስቀምጡልህ፣ ጽሑፉን አንተ አንብበው። ለእኔ ግን ጀርባውን ገልብጠህ ስፌቱን እይልኝ። ማን እንደሰፋው የሚያውቅ ካለ ጠይቅልኝ፤ ስሙን ካገኘኸው ግርጌ ላይ ጻፈው።

ከገጹ ግርጌ ያለችው
እህትህ