በሰው ድምፅ የኖረች እህታችን

ይድረስ ለወንድሜ ለሂኔስ፤

እንዴት ከርመሃል? ወገብህስ እንዴት ነው? በወይን ለቀማው ጊዜ የያዘህ ሕመም ለቀቀህ ወይስ አሁንም ስትነሳና ስትቀመጥ ታቃስታለህ? ሚስትህ ኔሊዳስ ሳሏ ተሻላት? ትልቋ ልጅህስ አገባች ወይስ ያን ከቁመቱ በቀር ሌላ የሌለውን ልጅ አሁንም ደጃፍ ላይ ታስቆመዋለች? እናንተ ዘንድ፣ በምድር ታችኛው ወገን፣ ሙቀቱ መግቢያው ነው። እኛ ጋ ብርዱ በበሩ ሥር እየሾለከ ጉልበቴን ይበላኛል። ከጉልበቴ በቀር ደህና ነኝ፣ ምላሴም እንደምታውቀው ነው። ደብዳቤህን ስጠብቅ ከረምኩ፤ አንተ ደግሞ ስትጽፍ ከፖስታ ቤት ቴሌግራም ያጠረ ነው፣ ሰው ሞቶ የምታረዳ ነው የሚመስለው። አልተቀየምኩህም። እንደውም ተቀይሜያለሁ፣ ግን ይቅር ብዬሃለሁ።

ይህን ወረቀት ግን ቁጭ ብለህ አንብበው። መጀመሪያ ብቻህን ጨርሰህ ነው ለኔሊዳ የምታነብላት። የምጽፍልህ ስለ እህታችን ስለ ካሲልዳ ነው። አትደንግጥ፣ በሕይወት አለች፤ አሁንም ወዲያኛው ክፍል መስኮቱ ሥር ተቀምጣ ብርቱካን እየላጠች ነው። ግን አንድ ነገር እየመጣብን ነው ወንድሜ። እኔ ሲመጣ አየዋለሁ፣ ሌላው ሰው ሁሉ ያጨበጭብለታል።

አንተ መርከብ ስትሳፈር እሷ ገና ጨው እግሯን የሚሰነጥቃት ልጅ ነበረች። ከዚያ ወዲህ የምታውቃት እኔ በምልክልህ የጋዜጣ ቁራጭ ነው። እነዚያ ፊልም ሠሪዎች ጨው ሜዳችን ላይ ካሜራቸውን ተክለው፣ የከተማዋ ተዋናይት ከነጩ ጨው የሚመለሰውን ፀሐይ መቋቋም አቅቷት ዓይኗ እንባ በእንባ ሲሆን፣ «ያቺ ጨው የተሸከመችው ልጅ ትምጣ፣ እሷ ዓይኗን አትጨፍንም» ያሉባትን ቀን እማዬ እስክትሞት ስታወራው ኖራለች። በዚያው ይዘዋት ሄዱ። «ካሲልዳ ወጥ ቤት ወጥ ቤት ይሸታል» ብለው ስሟን ኢሬኔ ቫልዴዮን አሉት። ይህ ሁሉ ደህና ነበር። አፏን ስትከፍት ግን ክፍሉ ሁሉ በሳቅ ፈነዳ። እኛ ሰፈር የቃል ጭራ እንውጥ የለ? እሷም እየዋጠች ነዋ የምትናገረው!

እንግዲህ አንተ ከዚህ ርቀህ ላታውቀው ትችላለህ፤ እዚህ አገር ፊልም ከተቀረጸ በኋላ ሌላ ሴት ጨለማ ክፍል ገብታ ድምፅ ታለብሰዋለች። ለካሲልዳ የለበሰላት ድምፅ የዶኛ ኤርሚኒያ ነበር። በዚያ ሁሉ ዓመት፣ በዚያ ሁሉ ፊልም፣ አገር ያለቀሰው በእህታችን ዓይንና በኤርሚኒያ ጉሮሮ ነው። አንድ ቀን ገበያ ይዣት ወጥቼ ዓሣ ሻጩ አፍጥጦ አያትና፣ «እመቤት፣ ቁርጥ ኢሬኔ ቫልዴዮንን ነበር የሚመስሉት፣ ምን ያደርጋል አፍዎን ከፈቱ!» አላት። እስክንሞት ሳቅን። ቤት ስንገባ ግን እሷ መሳቋን አቁማ ነበር። ሳን ሴባስቲያን የፊልም ፌስቲቫል ላይ የተሸለመች ጊዜም ጋዜጣው «ያ የማይረሳ ድምፅ» ብሎ ጻፈ። መቀስ አምጥታ ቃሉን ብቻ ቆረጠችና ከአበባ ጋር ለኤርሚኒያ ላከችላት። ክፋት አልነበረውም። እሑድ እሑድ ኤርሚኒያና ባሏ ዶን አንሴልሞ እኛ ጋ ሩዝ ይበሉ ነበር። ኤርሚኒያ የእህታችንን ትንፋሽ ሳይቀር ታውቀዋለች፤ ውሃ ስትውጥ እንኳ አፏን ታይ ነበር። «አንቺ አልቅሺ፣ ድምፁን ለኔ ተይው» ትላታለች።

ኤርሚኒያ ባለፈው ጸደይ አረፈች። በጉሮሮ በሽታ ነው የሞተችው፣ ነፍሷን ይማር። ለቅሶ ቤት ገባን። ካሲልዳ ወደ ዶን አንሴልሞ ጎንበስ ብላ፣ «አይዞህ የኔ ጌታ፣ ብቻ ሳትበላ እንዳትተኛ» አለችው። በኤርሚኒያ ድምፅ፣ ወንድሜ! ራሱ ነው፣ ትንሽ ሻካራነቱ እንኳ አልቀረም። ሽማግሌው የያዘው ስኒ ከእጁ ወደቀ። ደረጃው ላይ ይዣት፣ «ምን ዓይነት ቀልድ ነው? በሰው ሬሳ ላይ?» ብዬ ተቆጣኋት። «የምን ቀልድ?» አለችኝ። የመለሰችልኝም በዚያው ድምፅ ነበር። ከዚያ ቀን ወዲህ ከቤታችን አልወጣም። ጠዋት «ቡናው ቀዘቀዘ» የምትለኝ የሞተች ሴት ናት።

ሐዘን ነው፣ ይለፍላታል አልኩ። በዚህ መሀል ኢኒጎ የሚባል ጢማም የሰሜን ልጅ የፊልም ጽሑፍ ይዞ መጣ። ያልታጠበ ይመስላል እንጂ ምግባረ መልካም ነው። «እኔ ድምፅ የሚለብስ ፊልም አልሠራም፤ በራስሽ አፍ፣ በሰፈርሽ አነጋገር ነው የምፈልግሽ» አላት። ካሲልዳ ይህን ስትሰማ ኩሽና ውስጥ ይዛኝ ጨፈረች፤ ጉልበቴን ረስቼ አብሬያት ጨፈርኩ። ዕድሜዋን ሙሉ የጠበቀችው ነገር ነው። የምትሠራው አንዲት የጨው ሠራተኛ እናትን ነው፤ የምሥራቁ ነፋስ ሲነሳ ልጆቿን ከጨው ሜዳው የምትጠራ እናት። ቀረጻው እዚያው የኛ ሰፈር ነው፣ ባሕሩ ፊት ለፊት፣ ከገና በኋላ ከሚውለው የሦስቱ ነገሥታት በዓል ማግስት ይጀመራል። ጥሪው ያለበት ቦታ ላይ ጽሑፉ ባዶ ነው። «እዚህ ጋ እናትሽ እንደምትጠራሽ ትጠሪያለሽ፣ እኔ አልጽፍልሽም» ብሏታል።

እናትሽ እንደምትጠራሽ! ኩሽና ውስጥ ትቆማለች፣ አፏን ትከፍታለች፣ ኤርሚኒያ ትወጣለች። እንደ ሬዲዮ ዜና አንባቢ የጠራ ቃል፣ ጭራው ያልተዋጠ። ደግማ ትሞክራለች፣ አሁንም ያው ነው። «ቶማሳ፣ እማዬ እንዴት ነበር የምትጠራን?» ትለኛለች። እኔ ደግሞ ገና በልጅነቴ ማድሪድ ሰው ቤት ተቀጥሬ የቀረሁ ነኝ፤ የጌቶቼን ሸሚዝ ስተኩስ ምላሴም አብሮ ተተኮሰ። ቃሉን እነግራታለሁ፣ ዜማው ግን ከኔም ጠፍቷል። የራሳችንን እናት ድምፅ ሁለታችንም ማምጣት ሲያቅተን ኩሽናው መሀል ቆመን ተያየን።

ከዚያ ሌላው መጣ። ልምምድ ላይ ነው፣ እኔ ካፖርቷን ይዤ ከጀርባ ተቀምጫለሁ። «ጨው» ማለት ነበረባት። ጨው! የጨው ሠራተኛ ልጅ! «ያ ነጩ...» አለችና ቆመች። «ያ... ነጩን...» አለችና ዓይኗን አዙራ ፈለገችኝ። ፊቷን ባየህ ሂኔስ፣ ገበያ ላይ እናቷ የጠፋችባት ሕፃን ሆና ነበር። ኢኒጎ ከወንበሩ ዘሎ ተነሳ። «አያችሁ? እንዲህ ቃል የሚፈልግ ተዋናይ አይታችሁ ታውቃላችሁ?» አለና አጨበጨበ፤ ሁሉም አጨበጨቡ። «ያቺን ዝምታ እንዳትነኪብኝ፣ እንደዚያው አድርጊያት» አላት። እሷም ፈገግ ብላ እጅ ነሳች። ልማድ ነው፣ ሲጨበጨብ እጅ ትነሳለች። እኔ ግን ካፖርቷን እንዳቀፍኩ ቀረሁ፣ አላጨበጨብኩም።

ከሁሉ ያስፈራኝ ግን ሻሹ ነው። የኛ ተዋናዮች ከቢጫ እንዴት እንደሚሸሹ ታውቃለህ፤ ቢጫ ለብሶ የሠራ ሰው ክፉ ያገኘዋል ይላሉ። ካሲልዳ ደግሞ በዚህ ነገር ከሁሉም የባሰች ነበረች። አንድ ሚኒስትር የላከላትን ቢጫ ጽጌረዳ በመስኮት ወርውራ የፖሊስ ቆብ ላይ አሳርፋዋለች፣ ጽፌልሃለሁ። ባለፈው ሳምንት አንዲት አዲስ የልብስ ሠራተኛ ሳታውቅ ቢጫ ሻሽ ይዛ ገባች። ሁሉም ዞር ብለው አዩዋት። ልጅቱ ስህተቷ ገብቷት ፊቷ ቀላ፣ ልትመልሰው ስትል ካሲልዳ ተቀበለቻትና ራሷ ላይ ጣል አደረገችው። መስተዋቱ ፊት ዞር ዞር ብላ «ያምራል» አለች። አንዱ ኤሌክትሪከኛ ሲያማትብ አየሁት። ሌሎቹ «እንዴት ያለ ድፍረት ነው!» ተባባሉ። ድፍረት አይደለም ወንድሜ። መፍራት እንዳለባት ረስታው ነው።

ሐኪም ዘንድ ወሰድኳት። እሷን ውጭ አስቀምጦ ለኔ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ነገረኝ፤ ድምፁን ሲቀንስ ገና ሳይናገር ገባኝ። እየባሰ የሚሄድ ነው፣ የሚመለስ አይደለም አለኝ። መጀመሪያ ቃላት፣ ቀጥሎ የሰው ስም፣ ከዚያ ሰዎቹ ራሳቸው። «ይህን ሥራ ባትጀምረው ይሻላል» አለ። ለኢኒጎ እስካሁን አልነገርኩትም። ብነግረው ነገ ሥራው ለሌላ ሴት ይሰጣል፣ ጋዜጦቹም ይቀራመቷታል። ባልነግረው ደግሞ ያን ቢጫ ሻሽ አስረውላት ጨው ሜዳው መሀል ያቆሟታል። ነፋሱ ይነሳል፣ በፊልም የራሷን ድምፅ አንድ ቀን ሰምቶ የማያውቅ የሰፈሩ ሰው ሁሉ ይሰበሰባል፣ እሷም አፏን ትከፍታለች። የሞተች ሴት ትወጣለች፤ ወይም ምንም አይወጣም። ይህ ሲሆን ይታየኛል። ሳህን እያጠብኩ ይታየኛል።

እሷ ምንም አታውቅም እንዳትለኝ። ብልጭ የሚልላት ጊዜ አለ። ትናንት እጄን ጨብጣ፣ «ቶማሳ፣ አንድ ቀን እንኳ በራሴ አፍ ሳልናገር ልቀር ነው?» አለችኝ። «ዝም ብለሽ ብርቱካንሽን ብዪ» አልኳት። ከዚያ መታጠቢያ ቤት ገብቼ ቧንቧውን ከፍቼ አለቀስኩ።

እንግዲህ የምለምንህ ይህን ነው። ኔሊዳ አንድ ጊዜ ስትጽፍልኝ፣ ልጆችህን ከወይን እርሻው ስትጠራ እንደ እማዬ እያዜምክ እንደሆነና ጎረቤቶቹ እንደሚስቁብህ ነግራኝ ነበር። ያ ድምፅ ከአንተ በቀር ማንም ጋ የለም። ካሴት ግዛና ተናገርበት። እማዬ ነፋሱ ሲነሳ እንዴት ትጠራን እንደነበር ጥራ፤ እንደምትቆጣን ተቆጣ፤ አባዬን የምትሰድበውንም ስደበው፣ እሱ አሁን አይሰማም። አትፈር፣ ኔሊዳ ከፈለገች ትሳቅ። ስምህን ግን አትናገር፣ «ወንድምሽ ነኝ» እንዳትል። ባለፈው ስልክ ስትደውል መስመሩ ተበላሸ ብዬህ ነበር። መስመሩ ደህና ነበር ሂኔስ። ስልኩን ዘግታ «ደስ የሚል ድምፅ ያለው ሰውዬ ነው፣ ማን እንደሆነ ግን አልነገረኝም» ነው ያለችኝ። ካሴቱ ከሦስቱ ነገሥታት በፊት ይድረስልኝ። ያ ዜማ ጆሮዋ ውስጥ ከገባ አንድ ቀን፣ አንድ ጥሪ ብቻ በራሷ አፍ ይወጣላት ይሆናል። ከዚያ በኋላ የመጣው ይምጣ።

ለኔሊዳ ሰላምታዬን አቅርብልኝ፤ ለሳሏ ማር በሎሚ ትጠጣ። ለአማትህ ለዶኛ ፔትራ ሰላም በልልኝ፤ አሁንም በካርታ ጨዋታ ታጭበረብራለች? ለትልቋ ልጅህ ለግራሲዬላ፣ አክስትሽ አትቸኩይ፣ ቁመት ብቻ አይበቃም ብላሻለች በላት። ትንሹን ኦራሲዮን ሁለት ጉንጩን ሳምልኝ።

ካሲልዳም ሰላም ትልሃለች ብዬ ልዘጋው ነበር፣ ሳልጠይቃት መዋሸት መስሎ ታየኝና ሄጄ፣ «ለሂኔስ እየጻፍኩ ነው፣ ምን ልበልልሽ?» አልኳት። ብርቱካኑን አስቀምጣ ቀና አለች። «ለሂኔስ ሰላም ይበሉልኝ፤ ወገቡን ይጠብቅ» አለች። ኤርሚኒያ አልነበረችም! የጨው ሜዳዋ ካሲልዳ ናት፤ የቃሉን ጭራ ዋጥ፣ መጨረሻውን ሳብ አድርጋ፣ ቁርጥ እማዬን። ድምፅዋ ተገኘ ብዬ በደስታ ስሰክር «ይበሉልኝ» ማለቷን ልብ አላልኩትም። እሷም በዚያው በእማዬ ዜማ ቀጠለች፦ «እግረ መንገድዎን እህቴን ቶማሳን ካገኟት ሰላም ይበሉልኝ። ሰው ቤት ተቀጥራ ማድሪድ ከገባች ወዲህ ድምፅዋን ሰምተን አናውቅም።»

እሺ እመቤት፣ እነግራታለሁ አልኳት።

እህትህ ቶማሳ

ማድሪድ፣ ኖቬምበር 1983