አምስት ፊልም በሰው ድምፅ

ሰኔ 28
ዛሬ ሦስት ጊዜ አለቀስኩ። ሌሎቹ ልጆች ዓይናቸው ውስጥ ጠብታ ይደረግላቸዋል፣ እኔ አያስፈልገኝም። ድምፅ በኋላ ስለሚገባ አሁን አፍን ማንቀሳቀስ ብቻ ነው። ጽሑፉን የሚያነብልን ሰውዬ ከካሜራው ጀርባ ሆኖ «እማምዬ አትሙቺብኝ!» እያለ ይጮኻል፣ እሱን መከተል ነው። ሰለቸኝና በሱ ፈንታ የማባዛት ሰንጠረዥ አልኩ። ሰባት በስምንት ሃምሳ ስድስት... ፕሮዲውሰራችን ቃድሪ ቤይ መሀረባቸውን አውጥተው ዓይናቸውን ጠረጉ።

ሐምሌ 2
ከእማዬ ጋር ሰፈራችን ያለው ጣሪያ የሌለው ሲኒማ ገባን። ያለፈው ፊልሜ ነው። ፊቱ የኔ፣ ድምፁ የሙአላ ሃኒም። ቀጭን፣ የሚያባብል... አርባ ሁለት ዓመታቸው ነው እኮ! አምስት ፊልም ሙሉ እሳቸው ናቸው የተናገሩልኝ። አሥራ አንድ ዓመት ሞላኝ፣ ለምንድነው ራሴ የማልናገረው? ድምፄ ጎርናና ነው። ቢሆንስ? የኔ ነው።

ሐምሌ 9
ቃድሪ ቤይን ጠየቅኳቸው። ሳቁብኝ።
«አንቺ ልጅ፣ ድምፅሽ እኮ የሲሚት ዳቦ አዟሪ ነው!»
«አዟሪም እናት ትሞትበታለች» አልኳቸው።
እማዬ በጠረጴዛው ስር ቆነጠጠችኝ። ግን እሺ አሉ። ልሞከር ነው!

ሐምሌ 20
ድምፅ መቅረጫው ክፍል ገባሁ። ሙአላ ሃኒም ሹራባቸውን እየሠሩ ነበር፣ ወንበራቸውን ለቀቁልኝ። ፊልሙ ተጀመረ። «እማምዬ አትሙቺብኝ!» አልኩ... ከአፌ ጋር አልገጠመም። ደገምኩ። አሁንም አልገጠመም። ለካ ስክሪኑ ላይ ያለችው ሰባት በስምንት እያለች ነው!
«አየሽ የኔ ቆንጆ? ስንት ጊዜ አስለፋሽኝ መሰለሽ!» ብለው ሙአላ ሃኒም በሳቅ ሞቱ።
አፈርኩ። በጣም። ግን አልወጣሁም። የት ማሳጠር፣ የት መሳብ እንዳለብኝ ነገሩኝ። በዘጠነኛው ገጠመ! ሙአላ ሃኒም አጨበጨቡ።
ቃድሪ ቤይ ግን፣ «ጎበዝ ነሽ። ሕዝቡ ግን የለመደው ያንን ድምፅ ነው» አሉ። እና ሙአላ ሃኒም እንደገና ቀረጹት።

ነሐሴ 6
ቃድሪ ቤይ ቤት ድረስ ውል ይዘው መጡ። ሦስት ፊልም።
«በራሴ ድምፅ ከሆነ» አልኩ።
«አይሆንም።»
«እንግዲያው ትምህርቴን እማራለሁ።»
እሳቸው ከወጡ በኋላ እማዬ ጮኸችብኝ። «ሲሳይሽን በእግርሽ ትገፊያለሽ? ማን የሆንሽ መሰለሽ አንቺ?» አለቀሰች፣ እሷም ያለ ጠብታ። ሀሳቤን ግን አልቀየርኩም።

መስከረም 12
አዲሱ ትምህርት ቤት። መምህሯ ግጥም አንብቢ አሉኝ። ተነስቼ ጀመርኩ። ሁለት መስመር ሳልሄድ ከኋላ አንዷ፣ «ውሸታም! አንቺ የፊልሟ ልጅ አይደለሽም። የሷ ድምፅ እንዲህ አይደለም!» አለች። ክፍሉ በሳቅ አውካካ።
ዞር ብዬ አየኋት። ደስ አለኝ... ለምን እንደሆነ እንጃ።
«አዎ፣ አይደለሁም» አልኳት።
ከዚያ ግጥሙን እስከ መጨረሻው አነበብኩት።