ዳክዬዋ ስትዘፍን እኔ አይደለሁም

ይድረስ ለታናሽ ወንድሜ፣ ለእናቴ ልጅ፤

እንደምን ሰነበትክ? ጤናህስ? ያ ወገብህን ሰቅዞ የሚይዝህ ነገር ተሻለህ? ሚስትህ፣ ልጆችህ፣ ጎረቤቶቻችን ሁሉ ደህና ናቸው? እኔ ለጤናዬ ደህና ነኝ፤ ደብዳቤህ ከደረሰኝ ወዲህ ግን እንቅልፍ የለኝም። ሰላምታውን ያስቀደምኩት እናታችን ሳትሳሳሙ ነገር አትጀምሩ ብላ ስላሳደገችን ነው እንጂ፣ ይህን የምጽፍልህ ቆሽቴ አርሮ ነው።

የጻፍክልኝ እንዲህ ነው። ለአንዲት ዳክዬ ድምፅ ሆኜ የሠራሁበት የካርቱን ፊልም እናንተ ጋ ደርሶ ቤተሰቡን ሁሉ ሲኒማ ቤት ወሰድክ። ዳክዬዋ ስታወራ እማዬ «ልጄ እኮ ናት» እያለች አጠገቧ የተቀመጠውን ሰው በክርኗ ስትጎሽም ቆየች። ዳክዬዋ መዝፈን ስትጀምር ግን ብድግ ብላ «ይቺ ደግሞ ማናት? ልጄን የት ወሰዳችኋት?» ብላ ጮኸች፤ አዳራሹ በሙሉ ዞሮ አያት። አንተ አፈርክ፤ ሚስትህ ቀሚሷን ብትጎትታትም እማዬ አዳራሹን ጥላ ወጣች። በማግስቱ ዘመድ ሰብስበህ፣ አንዴ ልጄ ናት አንዴ አይደለችም የምትል እናት ጃጅታለች አልክ። የቤቷን ቁልፍ ተቀብለህ አንተ ቤት፣ ከዕቃ ማስቀመጫው ጎን ያለችው ክፍል አስገባሃት። ብቻዋን እንዳትወጣ በሩ ከውጭ ይቆለፋል። ቤቷን ለማከራየት ሰው እያነጋገርክ ነው። ይህን ሁሉ ጽፈህ ስታበቃ ደግሞ፣ እትዬ ዘፈኑ አንጀት ይበላል፣ ድምፅሽ ጭራሽ ልጅ ሆኗል ብለህ አመሰገንከኝ።

እንግዲያው ስማኝ። ዘፈኑን የዘፈንኩት እኔ አይደለሁም። እማዬ ልክ ናት።

እኔ ወደዚህ ሥራ እንዴት እንደገባሁ ታውቃለህ። ሆቴል ውስጥ እዘፍን ነበር፤ ሰው ሹካና ቢላዋውን እያንኳኳ የሚበላበት፣ ማንም ቀና ብሎ የማያይበት ቤት። አንድ ቀን በዘፈን መሃል አንዱን ጨቅጫቃ ደንበኛ በራሱ ድምፅ ሳሾፍበት የፊልም ሰዎች ሰምተውኝ ሳቁ፤ በሳምንቱ ጠሩኝ። ከዚያ ወዲያ ያልሆንኩት ነገር የለም። እንቁራሪት ሆኛለሁ፣ ጥርሷ የሚነቃነቅ አይጥ ሆኛለሁ፣ የምትነጫነጭ የሻይ ማንቆርቆሪያ ሆኛለሁ። የምቀረጽባት ክፍል ቁም ሣጥን ብታክል ነው፤ ግድግዳዋ በስፖንጅ ተለብጧል። አምባሬን አውልቄ፣ ሆዴ እንዳይጮህ በልቼ፣ ማዳመጫ ጆሮዬ ላይ ደፍቼ የዳክዬዋን አፍ እከተላለሁ። እሷ ስትሮጥ እኔ ቆሜ አለከልካለሁ፤ ውሃ ውስጥ ስትገባ አፌን በእጄ አፍኜ ቡልቅ ቡልቅ እላለሁ። በላብ ታጥቤ ስወጣ ታዲያ፣ አንቺ እኮ ለወሬ ነው የሚከፈልሽ የሚለኝ አይጠፋም። ይሁን፤ ሳቄን ስቄ አልፋለሁ።

በዚህ ፊልም ግን ዳክዬዋ ጫጩቷ ጠፍታባት የምትዘፍነው ዘፈን ነበር። ከሆቴሉ ወዲህ ዝፈኚ ያለኝ ሰው ስላልነበረ፣ ያን ዘፈን ቤቴ ውስጥ ዕቃ እያጠብኩ፣ ደረጃ እየወጣሁ ተለማመድኩት። ስዘፍነው ከመስታወቱ ወዲያ ያለው ድምፅ ቀጂ መነጽሩን አውልቆ ዓይኑን ጠረገ። የሕይወቴን ሥራ ሠራሁ ብዬ ወደ ቤቴ ገባሁ። ፊልሙ ሲመረቅ ከፊት ወንበር አስቀመጡኝ። የዳክዬዋ አፍ ተከፈተ፤ የወጣው ግን የሌላ ሴት ድምፅ ነው። ስሜ እዚያው ስክሪኑ ላይ ተጽፎ፣ ሰው እየዞረ እያጨበጨበልኝ፣ በቁሜ ቀበሩኝ።

በማግስቱ ዳይሬክተሩ ቢሮ ገባሁ። ድምፅሽ ለንግግር እንጂ ለዘፈን አርጅቷል፣ ስምሽ ግን ሰው ይስባልና አላነሳነውም አለኝ። ታዲያ ይህ ማታለል አይደለም ወይ ብዬ ብጠይቀው፣ ከወንበሩ ሳይነሳ መለሰልኝ።

«ማን ይለየዋል ብለሽ ነው?»

በሩን በላዩ ዘግቼ ወጣሁ። ለማንም መንገርም አሳፈረኝ፤ ለአንተም ያልጻፍኩልህ ለዚህ ነው። የራሴ ሰዎች ሲሰሙት ያውቁታል ብዬ ግን እጠብቅ ነበር። አንተ በእኔ እሹሩሩ ያደግህ፣ እኔ ካልዘፈንኩ አልተኛም ብለህ ቤቱን የምታምስ ልጅ፣ ድምፅሽ ልጅ ሆኗል ብለህ ጻፍክልኝ! እውነትም የእናት ሆድ ዝንጉርጉር ነው። ከዚያ ሁሉ ሕዝብ መሃል የለየችኝ አንዲት ሴት ብቻ ናት፤ እሷንም በር ቆለፍክባት።

ትናንት ተመልሼ ሄጄ ነበር። የፊልሙ ሁለተኛ ክፍል ሊሠራ ነው። ስሜን ከዘፈኑ ላይ ካላነሳችሁ ዳክዬያችሁ ዲዳ ትሁን አልኳቸው። ዳይሬክተሩ እናስብበታለን አለ። መተዳደሪያዬ መሆኑን አልረሳሁም፤ ቢሆንም እናቴ በእነሱ ውሸት እብድ ተብላ እኔ አፌን ለእነሱ አላከራይም።

አንተም ይህን ደብዳቤ አንብበህ እንደጨረስክ ተነስና በሩን ክፈት። ቁልፏን በእጇ ስጣት፤ ቤቷን ሊያይ የመጣውን ተከራይ አሰናብተው። የሰበሰብካቸውን ዘመዶች መልሰህ ሰብስብና ይህን ደብዳቤ አንብብላቸው። ጃጀች ያልካት በእነሱ ፊት ነው፤ ይቅርታም በእነሱ ፊት ትጠይቃታለህ። የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም፤ እግሯ ላይ ውደቅላት።

ለሚስትህ ሰላም በልልኝ፤ እማዬን ዝም በሉ እያለች ቀሚሷን መጎተቷን ግን አልረሳሁላትም። አያቷን ተከትላ ከአዳራሹ ለወጣችው ለትልቋ ልጅህ ሁለቱንም ጉንጮቿን ሳምልኝ። ትንሹን፣ አክስትህ እንቁራሪቷን በስልክ ታሰማሃለች በለው። ለእማዬ ግን በአንተ በኩል ሰላምታ አልልክም። እሑድ ጠዋት እደውላለሁ፤ ስልኩን እጇ ላይ አስቀምጥና ራቅ በል። ማን እንደደወለ አትንገራት።

እትዬህ
ከኪራይ ክፍሌ፣ ከሦስተኛ ፎቅ
ሐሙስ፣ ኅዳር 12 ቀን