የታዴዎሽ ለቅሶ

ጥቅምት 6 ቀን 1973 ዓ.ም.፣ ደባርቅ

ብርድ። ስድስተኛ ክፍሎች እንግሊዝኛዬን እንደ ኮሶ ፊታቸውን አጨማድደው ዋጡት። ከሰዓት የቀበሌው ኪነት ልምምድ... ዛሬም ቴያትሩ ላይ ባላባት ሆኜ በገበሬዎች ተደበደብኩ።

የምወዳት የበለጠች አባት አቶ ቢራራ ሽማግሌዎቼን መለሷቸው። "ለአዝማሪ ልጄን አልሰጥም! ነገ ቤቴ ገብቶ የውሸት ቢያለቅስ በምን አውቃለሁ?" አሉ አሉ። አስተማሪ ነኝ እኮ! ማን ይሰማል።

ጥቅምት 9

የፖላንድ ፊልም ሠሪዎች ፓርኩ ውስጥ ሊቀርጹ መጡ። አስተርጓሚ እኔ!

ዋናው ተዋናይ ታዴዎሽ ይባላል። ስልሳ ሁለት ዓመቱ። እንግሊዝኛው ከእኔም ይብሳል፣ ደስ አለኝ። በአሥራ ስድስት ዓመቱ ቴያትር ቤት ወለል በመጥረግ ጀመረ። በጦርነቱ ጊዜ ጀርመኖች ቢከለክሏቸው፣ ሰው ቤት መስኮት ዘግተው ተጫወቱ። ከዚያ መድረክ፣ ከዚያ ፊልም። አሥራ አንድ ጊዜ ንጉሥ ሆኗል። ሃያ ሰባት ጊዜ ሞቷል።

"አንተስ፣ አለነ?" ሲል ጠየቀኝ።

አንድ ባላባት ብቻ፣ አልኩት። አፈርኩ። "ክፉ ሰው መጫወት ከባድ ነው" አለኝ፣ ከልቡ።

ጥቅምት 12፣ ሳንቃ በር

በቅሎ ጫኚያችን ማን ቢሆን ጥሩ ነው? አቶ ቢራራ! ፈረንጆቹ ተራራ ሊያዩ የመጡ መስለዋቸዋል። አንገቴን ደፍቼ ዋልኩ።

ታዴዎሽ ገደሉ አፋፍ ቆሞ ደብዳቤ ያነባል፤ ልጁ ሞቷል ይላል ደብዳቤው። አነበበ። አለቀሰ። ካሜራው እየሠራ ነው፣ ሁሉም ቆሞ ያያል።

አቶ ቢራራ በቅሎዋን ለቀቋት። "ሰው መርዶ ደርሶት ቆማችሁ ታያላችሁ? ሰው አይደላችሁም?" ሮጠው አቀፉት። "ወየው ወንድሜን!" ዳይሬክተሩ ፀጉሩን ነጨ። ታዴዎሽ ግን አላቆመም፤ ሁለቱም ተቃቅፈው ተነፋረቁ።

ፊልም ነው ልበላቸው? ፈራሁ። ነገ።

ጥቅምት 14

አልነገርኳቸውም። እሳቸው ደግሞ ለሰፈሩ ሁሉ አውርተዋል። ዛሬ ሰው ንፍሮ ተሸክሞ ለቅሶ ሊደርስ መጣ! "እግዚአብሔር ያጥናህ" ይሉታል። ታዴዎሽ የእንግዳ አቀባበል መሰለው። ንፍሮውን አጣጥሞ በላ፣ "ድገሙኝ" አለ፣ ሳቀ።

"ኀዘኑ አናቱ ላይ ወጥቶ ነው፣ ምስኪን" አሉ ሴቶቹ።

በመጨረሻ አንዱ የፓርክ ዘበኛ ፊልም መሆኑን ነገራቸው። አቶ ቢራራ እኔን አዩኝ።

"እያወቅህ ነው ዝም ያልከው?"

"አዎ ጋሼ... ፈርቼ..."

"ሰው ሳይሞት ንፍሮ አስቀቀልክብን! ልጄን እርሳት!"

አለቀልኝ።

ጥቅምት 16

ለታዴዎሽ ሁሉንም ነገርኩት። ደነገጠ። እጄን ይዞ አቶ ቢራራ ጋ ወሰደኝ።

"ልጅ የለኝም" አለ። ተረጎምኩ። "አባቴ ሥጋ ሻጭ ነበር። መድረክ ስወጣ ልጄ አይደለህም አለኝ። የሞተ ቀን እኔ ሌላ ከተማ ሰው እያሳቅሁ ነበር። ቀብሩ አለፈኝ። ሠላሳ ዓመት እንባ እምቢ አለኝ። ገደሉ ላይ ያለቀስኩት ለእሱ ነው... እኔን ያቀፈኝ እርስዎ ብቻ ነዎት።"

እሱንም ተረጎምኩ።

አቶ ቢራራ እጁን ያዙት። ከዚያ፣ "ንፍሮው ለአባቱ ነበር በለው። ነፍስ ይማር በለው።"

ወደ እኔ ዞሩ። "ያንተስ አባት? መድረክ ላይ አይተውህ ያውቃሉ?"

"ዳባት ነው የሚኖሩት... አያውቁም። ያፍሩብኛል።"

"ይዘሃቸው ና። አብረን እናይሃለን። ስለ ልጄ ከዚያ በኋላ።"

ኅዳር 2፣ ደባርቅ

ቴያትራችን ዛሬ ታየ። ሦስት ቀን ለምኜ አባዬ መጡ። ፊት ወንበር ላይ ታዴዎሽ፣ አቶ ቢራራ፣ አባዬ። በለጠች ከኋላ።  ከመጀመሩ በፊት ታዴዎሽ ከመጋረጃው ኋላ መጥቶ ጆሮዬ ላይ፣ "ስትወድቅ የእውነት ውደቅ" አለኝ።

ገበሬዎቹ ከበቡኝ። ዱላው ወረደ። ወደቅሁ፣ ጮህኩ፣ እውነት አድርጌ...

"ማን አባቱ ነው ልጄን የሚመታ!" አባዬ ዱላቸውን ይዘው መድረኩ ላይ! ሁለት ገበሬ በመስኮት ዘለለ። ያልሸሸውን ሦስተኛውን ሊመቱት ሲሉ አቶ ቢራራ ከኋላ ደርሰው የአባዬን ጋቢ ጨመደዱ።

"ይቀመጡ አማቼ! ቴያትር ነው እኮ!"

አማቼ አሉ! በዚያ ሁሉ ሕዝብ ፊት አማቼ! በለጠች ፊቷን በነጠላዋ ሸፈነች። እኔ ወለሉ ላይ ተዘርግቼ ሳቅሁ፣ አላቆም አለኝ። ተደብድቦ የሞተ ባላባት አይስቅም። ነገ የቀበሌው ሊቀመንበር ሂስ ያወርድብኛል።

ያውርድ።