ክቡ ግድግዳ

ረቡዕ፣ ጥቅምት 5 ቀን 2018፣ ኦሮራ

ከሮም ከተመለስኩ ሦስተኛ ቀኔ ነው፤ ጉልበቴ ግን ገና አልተመለሰም። ልጄ ሳሮን በኪራይ ሳይክል የጥንቱን መንገድ ስታስጎበኘኝ፣ ድንጋዩ አላስነዳ ስላለኝ ግማሹን የሄድኩት በእግሬ ነው። ኤርፖርት ዊልቸር ስገፋ ከርሜ፣ እረፍት ብዬ ሄጄም ሳይክል ገፋሁ!

መንገዱ ዳር አንድ ክብ ፍርስራሽ አየሁ። ክብነቱን ሳይ ቤተ ክርስቲያን መሰለኝ። ሳይክሉን አቆምኩና ጫማዬን አውልቄ፣ አማትቤ ግድግዳውን ተሳለምኩ። ሳሮን ታፔላውን አንብባ ሳቋ አመለጣት።

«ዳዲ፣ ቸርች አይደለም እኮ! የሆነ ሀብታም መቃብር ነው።»

ዛሬ ኤርፖርት አንድ የሀበሻ እናት በዊልቸር እየወሰድኩ፣ ሮም ሰንብቼ መምጣቴን አወራኋቸው። ዞር ብለው አዩኝ።

«ጴጥሮስ ወጳውሎስን ተሳልመህ መጣህ?»

«አዎ፣ እማማ» አልኩ። እዚያ አልደረስንም ብሎ ማስረዳቱ ደከመኝ።

የአውሮፕላን መሳፈሪያው ጌት ጋ ስንደርስ እጄን ያዙና «በረከታቸው ይድረሰኝ» ብለው ሳሙት። መንጠቅ ነበረብኝ፤ አልነጠቅኩም።

በዚህ እጅ ስንት ዓመት ሙሉ ሰው ገፍቻለሁ። የተሳመው ግን ዛሬ ነው፤ ያውም በውሸት።