ከላላ ወይስ ከለላ

ጥቅምት 20፣ 1978

ካርቶን። ትናንትም ካርቶን። ነገም፣ ዕድሜ ከሰጠን፣ ካርቶን። እዚህ እስራኤል፣ ኪርያት ማታሎን የፋብሪካ ሰፈር ውስጥ እኛ ያላሸግነው ዕቃ ያለ አይመስለኝም።

ረፋዱ ላይ አለቃችን ሞሼ ከቢሮ ቶፌስ፣ ቅጽ፣ ይዞ መጣ። ሠራተኛ ሁሉ የሚሞላው ነው። አብራኝ የምትሠራው ይሻሽ አነበበችልኝ። ስም፣ ሹሜ። ሚስት፣ የለችም። (ፋንትነሽ ሱዳን ቀረች… ይህን የሚጠይቅ መስመር የለውም።) ልጅ፣ የለም። አባት፣ እናት፣ የሉም። አንድ ነገር ብትሆን ወራሽህ ማን ነው?

"ድመቲቱን ጻፊ" አልኳት። መጋዘን ያለችውን፣ አንድ ጆሮዋ የተቆረጠውን።

ሞሼ ሳቀ። "በሰደር፣ እሺ ሹሜ፣ ግን ሰው መሆን አለበት።"

"እንግዲያ ባዶውን ተዪው። ድመቲቱ ትቀየመኛለች።"

ሞሼ እንደገና ሳቀ። ይሻሽ አልሳቀችም። የእህቴ ልጅ በእኔ ቀልድ ያልሳቀችበትን ቀን አላስታውስም። አሟት ይሆን?

ጥቅምት 25

ሀፍሳካ ላይ፣ በዕረፍት ሰዓት፣ ሻዬን ይዤ ብወጣ አግዳሚዬ ላይ ማንም የለም። ይሻሽ ማዶ ከሐጅ ራጌብ ጋር ተቀምጣለች። ጥቅል የሚያስረው ዐረብ ሽማግሌ፣ የከፍር ቃሲም መንደር ሰው። በሰፈሩ ሰው ሲሞት ውርስ የሚያከፋፍለው እሱ ነው አሉ። በዐረብኛ ያወራሉ። የእሷ የሱዳን ነው፣ መጠለያ ውስጥ የለቀመችው። እሱ በየቃሉ ይስቃል፣ ያርማታል። እኔስ ዐረብኛ አላውቅም? ሱዳን ሽንኩርት የገዛሁት በምን ነበር?

አውቶቡስ ላይ አላስቻለኝም።

"ምን ስታወሩ ነበር?"

"ስለ ውርስ፣ አያ።"

"ውርስ? ኦሪቱን የነገረሽ ማን ነው? አምስቱ የሰለጰዓድ ሴቶች ልጆች ሙሴ ፊት ቆመው፣ 'አባታችን ወንድ ልጅ ስላልነበረው ስሙ ይጥፋ?' ብለው…"

"ነግረውኛል። አሥር ጊዜ።"

አሥር ጊዜ! ቆጥራለች ማለት ነው? ፊደልን በቄሱ አጥር ቀዳዳ ሰርቄ የለቀምኩት ለዚህ ነው? በዕብራይስጥ ስታናግረኝ 'አንተ' ትለኛለች፣ በአማርኛ 'አንቱ'። ሁለቱንም ለምጃለሁ። እሱን 'ያ ሐጅ' ብላ ስትጠራው ግን ድምጿ ይለሰልሳል… ይህን አልለመድኩም።

ጥቅምት 26

ሐጁ ሻይ ላይ ጨው ጨመርኩ። ሁለት ማንኪያ። ጠጣው። አመሰገነኝ። ምን ዓይነት ሰው ነው?

ኅዳር 3

ሐጁ ለይሻሽ ሲያስረዳ ከጥቅሉ ጀርባ ሆኜ ሰማሁ። (ተደብቄ አይደለም። ካርቶን እየቆለልኩ ነበር።) መጽሐፋቸው፣ ቁርኣኑ፣ ለእያንዳንዱ ድርሻ ቆርጧል። ሰው ልጆች ትቶ ሲሞት ለሚስቱ ከስምንት አንድ። ለአባቱ ከስድስት አንድ፣ ለእናቱም ከስድስት አንድ። ወንድ ልጅ ከሌለውና ሴቶቹ ሁለት ከሆኑ፣ ለእነሱ ከሦስት ሁለት እጅ።

ካርቶን ላይ በእርሳስ ደመርኩት። እነዚህ ሁሉ አንድ ቀን አንድ ላይ ቢመጡ አይበቃም! እንደገና ደመርኩ። አይበቃም! እልል ልል ምንም አልቀረኝ።

ነገ አሳየዋለሁ።

ኅዳር 4

ሃያ አራት ብርቱካን በከረጢት ይዤ ሄድኩ። ሀፍሳካ ላይ ሰው ሁሉ በተሰበሰበበት ሐጁ ፊት ዘረገፍኩት። "ሰው ሞተ። አካፍል።"

ለሁለቱ ሴቶች ልጆች አሥራ ስድስት ቆጠርኩ። ለአባት አራት፣ ለእናት አራት። አለቀ። የይሻሽን ሻሽ ነጥቄ ተከናነብኩና፣ "ሚስቲቱስ? ሦስቱ ብርቱካኔስ? ወየው!" ብዬ አለቀስኩ። ሁሉም በሳቅ ፈነዳ።

ሐጁም ሳቀ። እንባው እስኪመጣ ሳቀ። ከዚያ ከረጢቱን ቀስ ብሎ አጠፈና፣ "ያ ሹሜ፣ ይህን ስትጠይቅ የመጀመሪያው አይደለህም" አለ። "ድርሻው ከመጽሐፍ ነው። ድርሻው ሞልቶ ሲፈስ ምን ይደረግ የሚለውን ግን ሰዎች ተጨንቀው ነው ያወጡት። ከፊሉ 'ከአንዳንዱ ብቻ ይቀነስ' አለ። ብዙዎቹ 'ከሁሉም በየድርሻው ልክ ይጉደል' አሉ። ሃያ አራት ቦታ መቁረጡን ትተህ ሃያ ሰባት ቦታ ቁረጠው። ሚስቲቱ ሦስቱን ትወስዳለች። ስምንተኛዋ ዘጠነኛ ሆነ። ማንም ከማዕድ አይነሳም።"

ይሻሽ ዓይኗ በራ። "አያ፣ ሰሙ? ማንም ከማዕድ አይነሳም!"

ሰማሁ። ብርቱካኑንም ያደለው እሱ ነው። ለእኔ ኮምጣጣው ደረሰኝ።

ኅዳር 8

ይሻሽ ደብተሯን ረስታ ሄደች። መክፈት ነውር ነው። ከፈትኩት። ሁሉም ዕብራይስጥ፣ መሃሉ ላይ ግን በእኛ ፊደል፣ በትልቁ፣ "ከላላ። ሐጅ ራጌብ።"

ከለላ! ፊደሏ ተበላሽቶ ነው እንጂ ከለላ ነው። ዝናብ ሲመታህ የምትጠጋበት፣ ፀሐይ ሲያቃጥልህ የምትጠለልበት። ከለላዋ ሐጅ ራጌብ! በረሃውን ጋቢዬን በራሷ ላይ ዘርግቼ ያሻገርኳት እኔስ ምን ልባል?

ኅዳር 9

አውቶቡስ ለብቻዬ።

ኅዳር 10

ዛሬም ለብቻዬ። እንቅልፍ ወስዶኝ ከመውረጃዬ አልፌ ጋኔይ ቲክቫ ደረስኩ። በእግሬ ተመለስኩ። የት ቆየህ ያለኝ የለም። ደህና።

ኅዳር 12

እህቴ አምሳለች ቤቷ ጠራችኝ። ይሻሽ በሩ ጋ ቆማለች።

"ምን ሆነህ ነው እንደ ሙሽራ የምታኮርፈው?" አለች አምሳለች።

"ልጅሽ ከለላዋን ትጠይቀው!"

"የቱን ከለላ?" አለች ይሻሽ።

"ደብተርሽ ላይ የጻፍሽውን!"

"ደብተሬን ከፈቱት?!" አለችና ቆጣ ብላ አየችኝ። ከዚያ ገባት። መሬት ላይ ቁጭ ብላ ሳቀች። "ኦይ አያ! ከለላ አይደለም፣ ከላላ ነው! ዐረብኛ ነው። መጽሐፋቸው ውስጥ ሁለት ቦታ አለ፣ ሁለቱ አይገጥሙም። አንደኛው ጋ ለሟቹ እህት ከስድስት አንድ ይላል፣ ሌላው ጋ ግማሽ። ሊቃውንቱ 'የመጀመሪያው ስለ እናት ልጅ ነው፣ ሁለተኛው ስለ አባት ልጅ' ብለው ፈቱት። ቃሉን ራሱን ግን… ከጥንት መሪዎቻቸው አንዱ እስኪሞት ሲያብሰለስለው ኖረ ይላል ሐጁ።"

"ግማሽ?" አለች አምሳለች። "ከዚህ ሰውዬ? የምኑን ግማሽ? የካልሲውን?"

"ቃሉስ ምን ማለት ነው?" አልኩ።

ይሻሽ ሳቋን ተወች። "አባትም ልጅም ሳይኖረው የሚሞት ሰው ነው። ከላይ የለው፣ ከታች የለው። ከጎን የከበቡት ብቻ።"

በጣቴ ቆጠርኩ። አባት የለም፣ ልጅ የለም።

"እኔ ነኛ" አልኩ በመጨረሻ።

"ያቺ ባዶ መስመር ከዓይኔ አልጠፋ አለች፣ አያ። የእነሱ ሕግ እንኳ እንደ እርስዎ ላለ ሰው ስም አለው። እርስዎ ግን ድመት አሉ።"

"ታዲያ እኔን ለምን አልጠየቅሽኝም?"

"ይቀልዱብኝ ነበራ።"

ይቀልዱብኝ ነበራ… እውነቷን ነው።

ኅዳር 16

ሞሼን ቶፌሱን አምጣ አልኩት። ወራሽ፣ ይሻሽ። ዝምድና የሚለው ላይ እኔው ራሴ፣ በዕብራይስጥ ፊደል፣ ምላሴን ነክሼ ከለላ ብዬ ጻፍኩ።

ሞሼ አነበበ። ፊቱ ተለወጠ። "ክላላ? ልጅቷን ለምን ትረግማታለህ?"

ለካ በዕብራይስጥ እርግማን ነው! ይሻሽ ጠረጴዛው ላይ ተደፍታ ሳቀች። ሞሼ ሰረዘና 'የእህት ልጅ' ብሎ ጻፈ። በሰደር። የእኔ ቃል ግን ከስርዙ ሥር ይነበባል። አይቻለሁ።

ለሐጁ ነገርኩት። "በእኛ ሕግ የእህት ልጅ ከባለድርሻዎቹ አይደለችም" አለኝ። "እስከ ሲሶ ግን መናዘዝ ትችላለህ።"

"ሲሶ ብቻ?"

"ሲሶ። ይልቅ፣ እነዚያ አምስት ሴቶች ሙሴን የሞገቱት እንዴት ነው? ይሻሽን ብጠይቃት እንቢ አለችኝ። 'እሱ ከአያ አፍ ነው የሚያምረው' አለች።"

እንዲህ አለች?

ለአሥራ አንደኛ ጊዜ ተነገረ። በእኔ አግዳሚ ላይ፣ ይሻሽ መሃል ተቀምጣ፣ በሽንኩርት መግዣ ዐረብኛዬ። ቃል ሲጠፋኝ እሷ ሞላችልኝ። ቅናቱ ለቀቀኝ? አልለቀቀኝም… በየድርሻው ልክ ጎደለ እንጂ።

ስጨርስ ሐጁ ተነሥቶ ሻይ አመጣልኝ። ቀመስኩት። ጨው። ሁለት ማንኪያ።

ጠጣሁት። አመሰገንኩት።